ሠራተኛው ሳይሰናበት ዕውቀቱን መረከብ፦ የ30 ቀን ዝርዝር መመሪያ

የክሊራንስ ፎርም በየመሥሪያ ቤቱ ይመሳሰላል። ላፕቶፕ፣ ቁልፍ፣ መታወቂያ፣ ከግምጃ ቤት የወጣ ንብረት፣ ያልተወራረደ የውሎ አበል፣ የብድርና ቁጠባ ዕዳ። ስምንት ዘጠኝ ፊርማ ይሰበሰብና ሰውየው ይሸኛል። ሥራውን እንዴት ይሠራው እንደነበር የሚጠይቅ መስመር ፎርሙ ላይ የለም። ብዙ ቦታ የሚደረገው በመጨረሻው ሳምንት «እስቲ የምትሠራውን ጻፍልን» ማለት ነው። እሱም ከሥራ መዘርዝሩ ላይ ሁለት ገጽ ገልብጦ ይሰጣል። ወር ሳይሞላ ተተኪው መላ ያጣል፣ ይደውላል፣ ስልኩ አይነሳም።

እኔ ይህን ያየሁት ደመወዝ ክፍል ውስጥ ነው። ቀድሞ በሠራሁበት አንድ ድርጅት ለዓመታት ደመወዝ ያዘጋጅ የነበረ ባልደረባችን ለቀቀና ሥራውን እኔ ተረከብኩ። የኤክሴል ፋይሉን ሳያጓድል ሰጥቶኛል። ፋይሉ ውስጥ ግን አንድ የተደበቀ ሺት ነበር፤ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ከአንድ ሠራተኛ ደመወዝ ላይ ለልጁ ቀለብ የሚቆረጠው ገንዘብ የሚሞላበት። በየወሩ ከፍቶ ይሞላውና መልሶ ይደብቀው ነበር፣ የሰው ገመና የሌላ ሰው ዓይን እንዳያየው ብሎ። ትእዛዙ ራሱ የሠራተኛው የግል ማህደር ውስጥ ነበር። ሁለት ወር ሳይቆረጥ አለፈ። በሦስተኛው ወር እናትየው ልጇን አዝላ፣ የፍርድ ቤቱን ወረቀት በፌስታል ይዛ ቢሯችን መጣች። ባልደረባዬ አልደበቀኝም፤ እኔም አልጠየቅኩትም።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ርክክቦች ውስጥ ገብቻለሁ። ከታች ያለው ቅደም ተከተል ሠርቶልኛል። ሁሉም የሚቆመው በአንድ ደንብ ላይ ነው፦ የሚለቀው ሰው አይጻፍ። ተረካቢው ይጻፍ፣ የሚለቀው ያርም። አንድን ሥራ ዓመታት የሠራ ሰው እጁ የለመደውን ነገር ሳያውቀው ይዘለዋል። አዲሱ ሰው ግን በየእርምጃው ስለሚደናቀፍ የተዘለለው ሁሉ ይታየዋል።

## ከመጀመራችሁ በፊት

ያላችሁን ቀን ቁጠሩ። በአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት የሙከራ ጊዜውን የጨረሰ ሠራተኛ በፈቃዱ ሲለቅ የ30 ቀን ቅድመ ማስጠንቀቂያ ይሰጣል። 30 ቀን ግን 30 የሥራ ቀን አይደለም። ቅዳሜና እሑድን ስታወጡ 22 ቀን ገደማ ይቀራል። ያልተጠቀመበት የዓመት ፈቃድ ካለው፣ በመሃል በዓል ከገባ፣ ለክሊራንስ ፊርማ የሚዞርበትን ቀን ከቀነሳችሁ፣ እጃችሁ ላይ 14 ወይም 15 ቀን ብቻ ሊቀር ይችላል። ደብዳቤው በገባ ዕለት ከሰው ሀብት ጋር ተቀመጡና እውነተኛውን ቁጥር ጻፉ።

ጡረታ ከሆነ ሰበብ የለም። የአብዛኛው ሠራተኛ የጡረታ ዕድሜ 60 ስለሆነ ቀኑ ከዓመታት በፊት ይታወቃል። ቢያንስ 6 ወር ቀድማችሁ ጀምሩ።

ተረካቢውን ዛሬ ሰይሙ። «አዲስ ሰው ሲቀጠር ይረከባል» ማለት ርክክብ የለም ማለት ነው፤ ቅጥሩ ብዙ ጊዜ ሰውየው ከሄደ በኋላ ነው የሚያልቀው። ከውስጥ አንድ ሰው በጊዜያዊነት በደብዳቤ መድቡ። ሁለት ሰው ካገኛችሁ ይበልጥ ጥሩ፦ አንዱ ሥራውን ይማራል፣ አንዱ ይጽፋል።

ሰዓት አስለቅቁ። ብዙ ርክክብ የሚከሽፈው እዚህ ነው። አስረካቢው እስከ መጨረሻው ቀን መደበኛ ሥራው ላይ ይደፋል፣ ተረካቢውም የራሱ ሥራ አለበት፣ ሁለቱ የሚገናኙት በሻይ ሰዓት ብቻ ይሆናል። በየቀኑ ለሁለቱም 2 ሰዓት ያዙ። ኃላፊው ለአስረካቢው አዲስ ሥራ እንደማይሰጥ በጽሑፍ ያሳውቅ።

የምትጽፉበትን ቦታ አዘጋጁ። ውድ ሶፍትዌር አያስፈልግም። ድርጅቱ የሚቆጣጠረው አንድ የጋራ ፎልደር፣ አንድ ደብተርና ድምፅ የሚቀዳ ስልክ ይበቃል።

## ደረጃ 1፦ በመጀመሪያው ቀን መነጋገር

ኃላፊው ራሱ ያነጋግር፤ ለሰው ሀብት አይተወው። አጠያየቁ ቀጣዩን ወር ይወስናል። «የምታውቀውን ሁሉ አስረክብ» ሲባል ማንም ይቆጠባል፣ ምርመራ ይመስላልና።

ለወጣት ባልደረባ እንዲህ በሉት፦ «በቦታህ ሰው እስኪመጣ ሥራውን የምንይዘው እኛ ነን። ከ8 እስከ 10 ሰዓት ከእገሌ ጋር ብቻ እንድትሆን ሌላውን ከላይህ አንስቻለሁ።» ለአንጋፋው ደግሞ፦ «ጋሼ፣ እርስዎ በሌሉበት የሰኔ መዝጊያ ቢመጣብን መጀመሪያ የምንስተው የቱን ነው?» ይህች ጥያቄ ብቻ ግማሽ ሰዓት ታስወራለች። ወዲያው ማስታወሻ ያዙ።

⚠ በዚህ ስብሰባ ላይ ለምን እንደሚለቅ አትጠይቁ። ቅሬታ ካለው ሰው ሀብት ለብቻው ያነጋግረው። ሁለቱ ከተደባለቁ ርክክቡ የክርክር መድረክ ይሆናል።

እምቢ ካለስ? ከእምቢታው ጀርባ ብዙ ጊዜ ሦስት ነገር አለ። ዕውቀቱ ዋጋው እንደሆነ ይሰማዋል፤ ወይም በቆየበት ዘመን ማንም አመስግኖት አያውቅም፤ ወይም ሲጻፍ የሚወጣ የቀድሞ ስህተት ያሳስበዋል። ሦስተኛው ከባድ ነው፤ ርክክቡ ኦዲት እንዳልሆነ ኃላፊው በግልጽ ይናገር፣ ቃሉንም ይጠብቅ። ለመጀመሪያዎቹ ሁለት ምክንያቶች ደግሞ፣ የርክክብ ሰነዶቹ ላይ ስሙ እንዲሰፍር አድርጉ፣ የሥራ ልምድ ደብዳቤውን ደግሞ በጊዜ አዘጋጁለት።

⚠ ደመወዙን ወይም ክሊራንሱን መያዣ አታድርጉ። አዋጁ የሥራ ውል ሲቋረጥ የሚገባው ክፍያ በ7 የሥራ ቀናት ውስጥ እንዲከፈል ያዛል፤ ጊዜው የሚራዘመው ሠራተኛው በራሱ ጥፋት ንብረት ወይም ገንዘብ መመለስ ሲያዘገይ ነው። ከሕጉም ባሻገር፣ ተገድዶ የሚያስተምር ሰው የሚያስተምረው ግማሹን ነው።

## ደረጃ 2፦ ዓመቱን መዘርዘር (ከ2ኛ እስከ 4ኛ ቀን)

ከሥራ መዘርዝሩ አትነሱ። እሱ የተጻፈው ለቅጥር ነው። ከተሠራው ሥራ ተነሡ።

1. ባዶ ገጽ ላይ ከሐምሌ እስከ ሰኔ 12ቱን ወራት በተራ ጻፉ፤ በነሐሴና በመስከረም መሃል ጳጉሜንን ጨምሩ። የጳጉሜን ደመወዝ፣ ኪራይና ሰዓት ቁጥጥር እንዴት እንደሚያዝ የሚያውቀው ብዙ ጊዜ አንድ ሰው ብቻ ነው።
2. ማስረጃ ክፈቱ፦ ባለፉት 12 ወራት የላካቸው ኢሜይሎች፣ የወጪ ደብዳቤ መዝገብ፣ የቴሌግራም የሥራ ግሩፖች፣ የፈረማቸው ቫውቸሮች። በእያንዳንዱ ወር ስር ያደረገውን አስፍሩ።
3. ሲያልቅ ጠይቁ፦ «እዚህ ያልወጣ፣ ሰው የማያየው፣ አንተ ካልሠራኸው የሚቆም ምን አለ?» ዝም ካለ ታገሡት፣ ትንሽ ቆይቶ ይመጣል። አንዴ አንድ አስተዳደር ሠራተኛ ከረጅም ዝምታ በኋላ «ባትሪው እንዳይሞት ጄኔሬተሩን በየሁለት ሳምንቱ ዓርብ የማስነሣው እኔ ነኝ» አለን። የማንም ሥራ መዘርዝር ላይ አልነበረም።
4. ለእያንዳንዱ መስመር ሦስት ምልክት ስጡ፦ ሌላ የሚያውቀው ሰው አለ ወይ? ቢሳት ምን ይደርሳል? ቀጣዩ ጊዜው መቼ ነው?

ሌላ የማያውቀውን፣ ጉዳቱ ትልቅ የሆነውንና በሚቀጥሉት 3 ወራት የሚደርሰውን በቀይ አስምሩ። ከ8 እስከ 12 መስመር ቢወጣ ጥሩ ነው። 40 ከወጣ መልሳችሁ አጣሩ፤ ጊዜው ለ40 አይበቃም። ሌላ ሰው የሚያውቀውን ተዉት፣ የዚያን ሰው ስም ብቻ ጻፉ።

## ደረጃ 3፦ በሰውየው ስም የተያዘውን ማዛወር (ከ3ኛው ቀን ጀምሮ)

ይህን ለመጨረሻው ሳምንት ካቆያችሁት ታጣላችሁ፤ አንዳንዱ ቀናት ይፈልጋል።

ቴሌግራም። የድርጅቱን ቻናል ወይም ግሩፕ በግል ስልኩ የከፈተው እሱ ከሆነ ባለቤቱ እሱ ነው፤ አድሚን መሆን አይበቃችሁም። ባለቤትነት ለማስተላለፍ አካውንቱ ላይ ባለሁለት ደረጃ ማረጋገጫ መከፈትና ከተከፈተ 7 ቀን ማለፍ አለበት፤ የሚጠቀምበት ስልክም ከገባበት 24 ሰዓት ያለፈው መሆን አለበት። ዛሬ አስከፍቱ፣ በሁለተኛው ሳምንት አዛውሩ።

የማረጋገጫ ኮድ የሚገባበት ስልክ። የታክስ ማሳወቂያ፣ የባንክ፣ የኢሜይልና የድረ ገጽ አካውንቶቻችሁ ኮድ የሚልኩት ወደ ማን ቁጥር እንደሆነ አንድ በአንድ ፈትሹ። የሱ የግል ቁጥር ከሆነ ወደ ድርጅቱ ቁጥር ቀይሩ፣ ከዚያም በአዲሱ ቁጥር ገብታችሁ ሞክሩ። ያልሞከራችሁትን እንደተቀየረ አትቁጠሩት። ሲም ካርዱ ለሥራ ብቻ የሚያገለግል ሆኖ በስሙ የወጣ ከሆነ፣ አብራችሁ ወደ ኢትዮ ቴሌኮም ማዕከል ሂዱና ስም ማዛወር ጠይቁ።

ጉግል ድራይቭ። የአንድ ፎልደር ባለቤትነት ሲዛወር በውስጡ ያሉት ፋይሎች አብረው አይዛወሩም። ይህን ስለማያውቁ ብዙዎች ይሳሳታሉ። በግል ጂሜይል የተፈጠሩትን አስፈላጊ ፋይሎች ኮፒ አድርጋችሁ በድርጅቱ አካውንት ስር አስቀምጡ፣ ከዚያ ከሌላ ሰው ኮምፒውተር ከፍታችሁ አረጋግጡ።

ኤክሴል። እያንዳንዱን የሥራ ፋይል ከፍታችሁ ሦስት ነገር ፈትሹ። አንደኛ፣ ከታች የሺቱ ስም ላይ በቀኝ ክሊክ አድርጋችሁ «አንሃይድ» የሚለው በርቶ ከሆነ የተደበቀ ሺት አለ። ሁለተኛ፣ የኮለሞቹን ፊደል ተራ እዩ፤ ከዲ ወደ ጂ ከዘለለ መሃል ላይ የተደበቀ አለ። ሦስተኛ፣ ዳታ በሚለው ሜኑ ውስጥ ኤዲት ሊንክስን ክፈቱ፤ በአዲሶቹ ስሪቶች ወርክቡክ ሊንክስ ይላል። ፋይሉ በሰውየው ዴስክቶፕ ላይ ካለ ሌላ ፋይል ቁጥር የሚስብ ከሆነ፣ ላፕቶፑ ፎርማት በተደረገ ማግሥት አዲስ ቁጥር መምጣቱ ይቆማል። ያ የቀለብ ሺት ይገለጥልኝ የነበረው በመጀመሪያው ፍተሻ ነበር።

⚠ የግል ፓስዎርዱን አትጠይቁ፣ እሱም አይስጥ። የድርጅቱን ፓስዎርዶች ደግሞ በርክክብ ሰነዱ ላይ አትጻፉ። በፓስዎርድ ማስቀመጫ ፕሮግራም ውስጥ አኑሩ፤ ከሌላችሁ በታሸገ ፖስታ ካዝና ውስጥ ይቀመጥ። በለቀቀ ማግሥት ሁሉንም ቀይሩ።

## ደረጃ 4፦ አጠገቡ ተቀምጦ መጻፍ (ከ5ኛ እስከ 13ኛ ቀን)

ዋናው ሥራ ይህ ነው፤ ጊዜያችሁን እዚህ አፍስሱ።

1. በቀይ ከተሰመሩት አንዱን ምረጡ። በዚያ ሳምንት በእውነት የሚሠራ ከሆነ ይመረጣል።
2. አስረካቢው እንደ ወትሮው ይሥራ። ተረካቢው አጠገቡ ይቀመጥና የሚያየውን ሁሉ ይጻፍ። በወሬ «እንዲህ እንዲህ አደርጋለሁ» ከሚለው ይልቅ እጁ የሚያደርገው እውነት ነው።
3. ኮምፒውተር ላይ የሚሠራ ከሆነ ስክሪኑን በቪዲዮ ቅዱ። ዊንዶውስ 11 ላይ ስኒፒንግ ቱል ይህን ያደርጋል። አንድ ቪዲዮ ከ10 ደቂቃ አይብለጥ፤ የአንድ ሰዓት ቪዲዮ ከፍቶ የሚያይ የለም።
4. ባቆመበት፣ ባመነታበት፣ ወይም «ይሄ እንኳ ቀላል ነው» ባለበት ሁሉ አስቁሙትና ጠይቁ።

ጥያቄው ወሳኝ ነው። «ስለ ግዢ ንገረኝ» ስትሉት መመሪያውን ይነግራችኋል። መመሪያው መሳቢያ ውስጥ አለ። የምትፈልጉት ድርጊቱን ነው፦

- መጨረሻ ላይ የተበላሸብህ መቼ ነበር? ምን አየህና አወቅክ?
- ይህን ቁጥር አይተህ «ልክ አይደለም» የምትለው ስንት ሲሆን ነው?
- ይህንን ለምን በዚህ ቅደም ተከተል? ብገለብጠው ምን ይሆናል?
- መመሪያው እንዲህ ይላል፤ አንተ ለምን እንዲያ ታደርጋለህ?
- እዚህ ላይ ማንን ሳትጠይቅ አታልፍም?

አራተኛው ላይ ተጠንቀቁ። አንዳንዱ አቋራጭ ጥበብ ነው፣ አንዳንዱ ጥፋት ነው። ጥፋቱን እንደ አሠራር አትረከቡ፤ ለብቻ ጽፋችሁ ለኃላፊው አቅርቡ።

አንድ ምሳሌ ላሳያችሁ። የጥበቃ ሠራተኞች ትርፍ ሰዓት ስሌት በአዋጁ ተደንግጓል፦ ከንጋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 4 ሰዓት ላለው በ1.5፣ ከምሽቱ 4 እስከ ንጋቱ 12 ላለው በ1.75፣ በሳምንት ዕረፍት ቀን በ2፣ በበዓል በ2.5 ይባዛል። ይህን ገጹ ላይ አትገልብጡ፤ የአዋጁን ቁጥር መጥቀስ ይበቃል። ከአስረካቢው ብቻ የሚገኘው ቀጥሎ ያለው ነው፦ የጥበቃዎቹ መዝገብ ሰዓቱን በኢትዮጵያ አቆጣጠር ይጽፋል፣ የጣት አሻራው ማሽን ደግሞ በፈረንጅ። መዝገቡ ላይ ለምሽት «4፡00» ያለው ማሽኑ ላይ 22፡00 ነው። ይህን ያላወቀ ሰው ሁለቱን ሲያመሳክር የሌሊቱን ሰዓት ከቀኑ ይደባልቃል፣ ጥበቃው ጎዶሎ ይከፈለዋል።

የገጹ ቅርጽ። ለእያንዳንዱ ሥራ አንድ ገጽ፣ ቢበዛ ሁለት። በዚህ ተራ፦

- ሥራው፦ የወር ደመወዝ ማዘጋጀት
- የሚጀመረው፦ የሰዓት መቆጣጠሪያው ከሁሉም ክፍል ሲገባ፣ ወር በገባ በ20
- የሚያጸድቀው፦ የፋይናንስ ኃላፊ፤ በሌለበት ወኪሉ፣ ውክልናው በደብዳቤ ሲሆን ብቻ
- እርምጃዎች፦ በቁጥር፣ አንድ መስመር ላይ አንድ ድርጊት
- የሚበላሸው፦ የጥበቃ መዝገብ ይዘገያል፤ በ18 ቀድማችሁ ጠይቁ። የፍርድ ቤት ትእዛዝ ያለበት ሠራተኛ መኖሩን ከሰው ሀብት በየወሩ አረጋግጡ
- መፈተኛ፦ ድምሩ ካለፈው ወር የተለየበትን እያንዳንዱን ብር በስም አስረዱ፦ ቅጥር፣ ስንብት፣ ትርፍ ሰዓት። ያልተብራራ ልዩነት ካለ ወደ ባንክ አትላኩ
- ምክንያቱ፦ ለምን በ20? ኃላፊው ለማየት 3 ቀን ይፈልጋል፣ በዓል ሲገባ ባንክ ይጨናነቃል

የመጨረሻዋን መስመር አትዝለሉ። ምክንያቱ ያልተጻፈ አሠራር፣ ነገሩ ሲለወጥ መቀየር እንዳለበት የሚያውቅ ሰው አይኖረውም።

5. ማታውኑ አጽዱና በማግሥቱ ጧት ለአስረካቢው አንብቡለት። «አይ፣ እዚህ ጋ ይቀራል» ይላል። በቀይ እስክሪብቶ ያርም። ሁለት ዙር እርማት ያላየ ገጽ አልበሰለም።

ለመናገር የሚከብደው ከሆነ? አንዳንድ ሰው በሥራው ጎበዝ ሆኖ ማስረዳት አይሆንለትም። መካኒኮች፣ መዝገብ ቤት የቆዩ፣ ግምጃ ቤት ያሉ ብዙዎች እንዲህ ናቸው። ወንበር ላይ አታስቀምጧቸው። መጋዘኑን እየዞራችሁ፣ ዕቃውን እየነካካ ያሳያችሁ፤ ድምፁን ቅዱ። አንድ የግምጃ ቤት አባት የመለዋወጫ ካርቶኖቹን አንድ በአንድ እያነሱ ሲያሳዩን፣ እርጥበት የነካው ካርቶን በክብደቱ እንደሚለይ ነገሩን። ቢሮ ውስጥ ቢጠየቁ ኖሮ ትዝም አይላቸው ነበር።

⚠ ስትቀዱ አስፈቅዱ፤ የምትቀዱት ለምን እንደሆነም ንገሩ። ገጾቹ ላይ የሠራተኛ ስም፣ ሕመም፣ ዕዳ ወይም የፍርድ ቤት ጉዳይ አትጻፉ። «ትእዛዝ መኖሩን ከሰው ሀብት አረጋግጡ» ይበቃል። የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 መውጣቱንም አትርሱ።

## ደረጃ 5፦ ቦታ መቀያየር (ከ14ኛ እስከ 18ኛ ቀን)

አሁን ተረካቢው ገጹን ብቻ ይዞ ይሥራ። አስረካቢው አጠገቡ ይቀመጥ፣ እጁን ግን አያንሳ፣ አይጠቁም። ይህ ከሚመስለው በላይ ከባድ ነው፤ ጎበዝ ሠራተኛ ሲሳሳቱ እያየ ዝም ማለት አይችልም። ኪቦርዱን ከተቀበለ ልምምዱ ፈረሰ። የሚያቋርጠው ገንዘብ የሚያጠፋ ወይም ወደ ውጭ የሚወጣ ስህተት ሊሠራ ሲል ብቻ ነው።

ተረካቢው የተደናቀፈበትን ቦታ ሁሉ ገጹ ላይ ምልክት ያድርግ። ጥፋቱ የሱ አይደለም፤ ገጹ ይጎድለዋል። ያርሙት፣ እንደገና ይሞከር።

በዓመት አንዴ የሚመጣ ሥራ ከሆነ፣ ለምሳሌ የሰኔ 30 መዝጊያ፣ ያለፈውን ዓመት ሰነድ ኮፒ አውጡና በደረቁ ሥሩት። ውጤታችሁን ካምናው ጋር አመሳክሩ። የተለያየበት ቦታ ያልተጻፈ ነገር አለ።

## ደረጃ 6፦ ሰዎቹን ማስተዋወቅ

ስልክ ቁጥር መረከብ ሰውን መረከብ አይደለም። አቅራቢው በዱቤ የሚሰጠው፣ የባንኩ ሠራተኛ የጎደለ ወረቀት ሲያይ ቀድሞ የሚደውለው አስረካቢውን ስለሚያምን ነው። አስረካቢው ተረካቢውን ይዞ ይሂድ። አምስት ሰው ይበቃል። በስልክ ከሆነም ራሱ ይደውልና «ከዛሬ ጀምሮ በኔ ቦታ እገሊት ናት» ብሎ ስልኩን ይስጣት።

ለእያንዳንዱ ሰው አንድ መስመር ጻፉ፦ በምን ጉዳይ፣ በየትኛው ሰዓት ይገኛል፣ ምን ቃል ገብተንለታል። የመጨረሻው ብዙ ጊዜ ይረሳል። በቃል የተገባ ውል፣ «በሚቀጥለው ወር እንከፍልሃለን» የተባለ ዱቤ፣ አስረካቢው ሲሄድ የድርጅቱ ውሸት ሆኖ ይቀራል። የሰውየውን ባሕርይ፣ ዘሩን፣ ሃይማኖቱን፣ ቤቱን የሚመለከት ነገር ግን አታስፍሩ።

## ደረጃ 7፦ ማስቀመጥና ስም መስጠት

አንድ ቦታ ብቻ። ፍላሽ ላይ አንድ፣ ኢሜይል ውስጥ አንድ፣ ቴሌግራም ላይ ሌላ ከሆነ የትኛው የታረመው እንደሆነ በሁለት ወር ውስጥ የሚያውቅ አይኖርም።

ለፋይል ስም ስትሰጡ ቀኑ ላይ ጥንቃቄ አድርጉ። «2017-10» የሚል ፋይል የ2017 ዓ.ም. ሰኔ ነው ወይስ እ.ኤ.አ. የ2017 ኦክቶበር? በመሃላቸው ከሰባት ዓመት በላይ አለ። አንዱን አቆጣጠር ምረጡና ሁልጊዜ ምልክቱን አብራችሁ ጻፉ፦ «2017ዓም-10-ሰኔ-ደመወዝ»። ቁጥሩን ከወሩ ስም በፊት ማስቀመጥ ፋይሎቹ በተራ እንዲሰለፉ ያደርጋል። «የመጨረሻ»፣ «አዲሱ»፣ «የመጨረሻ የታረመ» የሚሉ ስሞችን ከልክሉ።

በእያንዳንዱ ገጽ ራስ ላይ የባለቤቱ የሥራ መደብና የታረመበት ቀን ይስፈር። የሰው ስም ይለወጣል፣ መደቡ ይቆያል።

## ደረጃ 8፦ መፈራረም

በመጨረሻዎቹ ሁለት ቀናት አጭር የርክክብ ቃለ ጉባኤ አዘጋጁ። የገጾቹን ዝርዝር፣ የተዛወሩትን አካውንቶች፣ በእንጥልጥል ያሉ ጉዳዮችን ከቀነ ገደባቸው ጋር ይያዝ። «ሁሉንም ተረክቤያለሁ» የሚል ዐረፍተ ነገር አትጻፉ። በምትኩ ከእያንዳንዱ ገጽ ጎን «ብቻዬን ሠርቼ አይቻለሁ» ወይም «አልሠራሁትም» ተብሎ ይሞላ። ክሊራንሱ ላይም የቅርብ ኃላፊው «ሥራው ተላልፏል» ብሎ የሚፈርምበት አንድ መስመር እንዲጨመር ለሰው ሀብት አመልክቱ። እኔ ባየሁበት መሥሪያ ቤት ይህች መስመር ከገባች በኋላ ኃላፊዎች ደብዳቤው በገባ ዕለት ነው መንቀሳቀስ የጀመሩት።

## ሲበላሽ

ሰውየው ሄዷል። ደብዳቤ ሳይሰጥ ቀርቷል፣ ታሟል፣ ወይም አርፏል። ከደረጃ 2 ማስረጃዎች ጀምሩ፤ የወጪ ደብዳቤና ኢሜይል ግማሹን ይነግሯችኋል። ቀጥሎ ሥራውን ይቀበሉ የነበሩትን ሰብስቡ፦ ከሱ ምን ይደርሳችሁ ነበር፣ መቼ፣ በምን መልክ? ከተቀባዩ ወደ ኋላ መሄድ ይቻላል። የድርጅት ኢሜይሉን ቸኩላችሁ አታጥፉ፤ በጉግል ወርክስፔስ የተሰረዘ ተጠቃሚ መመለስ የሚቻለው በ20 ቀን ውስጥ ነው። ቤተሰብ ሐዘን ላይ ከሆነ ስለ ሥራ አትደውሉ። ቁልፍም ቢጠፋ ቁልፍ ሠሪ ጠርታችሁ አስከፍቱ።

ያላችሁ ሦስት ቀን ብቻ ነው። ደረጃ 3ን ዛሬ ጨርሱ። ነገ ከቀዮቹ ሦስቱን ብቻ ቅዱ፣ ሳትጽፉ። በሦስተኛው ቀን በጣም አስጊውን ተረካቢው ይሥራ፣ እሱ ይይ። ሌላውን ተዉት።

ተረካቢውም ለቀቀ። ይደርሳል። ሁለት ሰው መድቡ ያልኩት ለዚህ ነው። ገጾቹ በሱ እጅ የተጻፉ ስለሆኑ ሦስተኛው ሰው ከደረጃ 5 ይጀምራል።

ገጾቹን የሚከፍታቸው ጠፋ። ሰዎች ሰነድ የማይከፍቱት ስንፍና ይዟቸው አይደለም፤ ሥራው ጋ ስለሌለ ነው። የፓምፑን ገጽ አትማችሁ ፓምፑ ቤት ለጥፉ። የደመወዙን ሊንክ ደመወዙ ፋይል የመጀመሪያ ሺት ላይ አስገቡ።

## ከሄደ በኋላ

ስትለያዩ የጥያቄ ጊዜ ተስማሙ፦ ለአንድ ወር፣ ማክሰኞና ዓርብ ከምሽቱ 12 ሰዓት ተኩል በኋላ። ሰውየው አሁን የሌላ ቤት ሠራተኛ ነው፤ በሥራ ሰዓት አታስጨንቁት። ጥያቄዎችን አጠራቅማችሁ አንዴ ጠይቁ። የደወላችሁበት ጉዳይ ሁሉ ከገጹ የጎደለ ነገር ነውና፣ ስልኩን ከመዝጋታችሁ በፊት መልሱን ገጹ ላይ ጻፉ።

በሦስተኛው ወር ተረካቢው የአንድ ሳምንት ፈቃድ ይውጣ፤ ፈቃዱ ሥራው ከሚደርስበት ቀን ጋር ይግጠም። ሌላ ባልደረባ ገጹን ብቻ ይዞ ይሥራው። የጠየቀውን እያንዳንዱን ጥያቄ በዚያው ቀን አስገቡና የታረመበትን ቀን ቀይሩ።